እትዬ መርፌና የተቀላቀሉት ኮከቦች

ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ ትክክለኛ ስሟን የሚያውቅ ሰው የለም ቢባል ብዙ ማጋነን አይሆንም። ከዘበኛው እስከ ኃላፊዋ ሁሉም «እትዬ መርፌ» ነው የሚሏት። ስሙ የወጣላት በሁለት ነገር ነው፤ በሥራዋና በምላሷ። ሥራዋ የተገነጠለና የተቀደደ መጽሐፍ መስፋት ነው። ምላሷ ደግሞ ዓይኗ ያየውን ሳይናገር አያልፍም። አዲስ ኮት ለብሶ የመጣውን ሰው «እንዴት ያምራል» ብላ አሙቃው ስታበቃ፣ «ባለቤቱ መቼ ነው የሚወስደው?» ትለዋለች። የተወጋው ሰው ግን አይቀየማትም፤ መርፌዋ ትወጋለች እንጂ መርዝ የላትም። እንዲያውም ቀኑ የከፋበት ሰው ሆን ብሎ በሯ ላይ ይቆማል። ተሰድቦ፣ ስቆ፣ ቀለል ብሎት ይሄዳል።

ሙያውን የለመደችው ገና በልጃገረድነቷ ማተሚያ ቤት ተቀጥራ ነው። ከማሽኑ የሚወጣውን ሰፊ ወረቀት ታጥፋለች፣ እጥፎቹን በተራ ትደረድራለች፣ ከዚያ ጀርባቸውን በክር ትሰፋለች። መጽሐፍ ማለት ለእሷ ይኸው ነበር፤ የተደራረቡ እጥፎችና አንድ ክር። ሥራውን ያስተማሯት ሽማግሌ ጠራዥ የገጽ ቁጥር አያዩም። «ቁጥር እያየ የሚሰፋና ጉርሻውን እየቆጠረ የሚበላ አንድ ናቸው» ይሉ ነበር። ወረቀቱን በአውራ ጣታቸው ዳበስ አድርገው የየትኛው መጽሐፍ እንደሆነ፣ ከፊት ይሁን ከኋላ ይናገራሉ። ወረቀት ሁሉ የየራሱ ውፍረት፣ የየራሱ ልስላሴ አለው። እሷም ከጊዜ በኋላ ከእሳቸው በለጠች። ቁጥሩን የምታየው ሁሉም ነገር ካለቀ በኋላ፣ ለማረጋገጫ ያህል አንድ ጊዜ ብቻ ነው።

እዚያው ማተሚያ ቤት የማሽን ሠራተኛ አገባች፣ አንዲት ሴት ልጅ ወለደች፣ ባሏን ቀበረች። ማተሚያ ቤቱ ሲዘጋ መርፌዋን ይዛ ወደ ቤተ መጻሕፍቱ መጣች። ከንባብ አዳራሹ ጀርባ አንዲት ጠባብ ክፍል ሰጧት፤ አንድ መስኮት፣ አንድ ረጅም ጠረጴዛ፣ አንድ የእንጨት መጭመቂያ፣ አንድ የሙጫ ጣሳ። የምትሰፋቸውን መጻሕፍት አታነባቸውም። ለምን ሲሏት «ልብስ ሰፊ ሱሪው የት እንደሚሄድ ይጠይቃል?» ትላለች።

ዓይኗ ላይ ጭጋግ መውረድ ሲጀምር መጀመሪያ የወቀሰችው መነጽሯን ነበር። ጠርጋ ጠርጋ መስታወቱን ፈጀችው። ቀጥሎ አምፖሉን ወቀሰች፣ ከዚያ ማተሚያ ቤቶቹን፤ «ዘንድሮ ቀለም እየቆጠቡ ነው» እያለች። ሆዷ ግን ያውቅ ነበር። እናቷ በስተርጅና ዓይናቸው ጠፍቶ መስኮት ሥር ወንበር ላይ ተቀምጠው ነው የቀሩት። የሰው ኮቴ በሰሙ ቁጥር ፊታቸውን ወደ በሩ ያዞሩና «ማነህ?» ይላሉ። ያ «ማነህ?» ከእትዬ መርፌ ጆሮ አልወጣም። የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል ይባል የለ። ድሮ ሰው አላምንሽም ሲላት «ዓይኔን ግንባር ያድርገው!» ብላ ነበር የምትምለው። አሁን ያን መሐላ እርግፍ አድርጋ ተወችው።

ለማንም አልተናገረችም። ሐኪም ቤትም አልሄደችም። የእሷ ሒሳብ እንዲህ ነበር፤ ሐኪም ካልነገራት አልታወረችም። ካልታወረች ደግሞ ሥራ አላት፤ ሥራ ካላት ወንበሩ ላይ አትቀመጥም። ስለዚህ ዘዴ አበጀች። ቀትር ላይ ብርሃኑ ሲበረታ መስኮቱ ሥር ቆማ የቀኑን መርፌዎች ሁሉ ክር ታስገባና መጋረጃው ላይ በተርታ ትሰካቸዋለች። ሰውን በድምፁ ትለያለች። ምላሷም ቀስ በቀስ ከዓይን ወደ ጆሮ ተዛወረ፤ ስለ ኮት መናገሯን ትታ ስለ ሳልና ስለ ኮቴ ትናገር ጀመር። «አንተ፣ ጫማህ ነው ወይስ አንተ ነህ የምታቃስተው?» ትላለች። ሰው ይስቃል፤ ልብ ያላት ግን የለም። ከሁሉም በላይ ያቺን የመጨረሻ ማረጋገጫ፣ ቁጥር ማየቷን፣ ተወች። አውራ ጣቷ አለላት።

የቤተ መጻሕፍቱ ኃላፊ ወጣት ሴት ናት፤ ሐሳብ አይነጥፍባትም። በየወሩ አዳራሹ መሐል አንድ ጠረጴዛ ታዘጋጅና በአንድ ጉዳይ ላይ ያሉትን መጻሕፍት ከየመደርደሪያው ትሰበስብበታለች። ያን ወር የመረጠችው ኮከብን ነበር። የወንጀል ልብ ወለድ አመጣች፤ የኮከብ ተመራማሪ ተገድሎ መርማሪው ገዳዩን በሰማዩ ካርታ የሚፈልግበት። የፍቅር ታሪክ አመጣች፤ ሁለት ወጣቶች ጣሪያ ላይ ተጋድመው ኮከብ ሲቆጥሩ ቁጥሩ ላይ የሚጣሉበት። የመርከበኞች መማሪያ፣ የሳይንስ መጽሐፍ፣ ጉድጓድ ውስጥ ስለወደቀች ኮከብ የተጻፈ የልጆች ተረት፣ ቀጭን የግጥም መድበል፣ የኮከብ ቆጣሪ መጽሐፍ፤ ሁሉንም ደረደረች። በመጨረሻ የአንድ ኳስ ተጫዋች የሕይወት ታሪክ ጨመረችበት።

ዘበኛው ይሄኛው አልዋጥለት አለ። «ኳስ ተጫዋቹ ደግሞ እዚህ ምን ይሠራል?»

«ኮከብ ተጫዋች አይደል እንዴ?» አለች ኃላፊዋ።

«እንግዲያው የሆቴል ምግብ ዝርዝርም አምጪበት» አለች እትዬ መርፌ በዚያ ስታልፍ፤ «ባለ አምስት ኮከብ ነው።»

ጠረጴዛው ተወደደ። የኮከብ ነገር መቼም የማይነካው ሰው የለም፤ ሳይንስ የሚጠላው ግጥሙን ያነሳል፣ ግጥም የሚሰለቸው ገዳዩን ፍለጋ ይሄዳል። ነገር ግን በአንድ የዕረፍት ቀን ጣሪያ ላይ ያለው የውኃ ጋን ሞልቶ ፈሰሰ። ውኃው ከዚያ ሁሉ አዳራሽ መርጦ የወረደው በዚያ ጠረጴዛ ላይ ነበር።

ርጥብ መጽሐፍ እንዳለ ከተተወ ገጾቹ ተጣብቀው ግንድ ይሆናሉ። እትዬ መርፌ ክሮቹን በጥሳ እጥፎቹን ለያየች፣ በክፍሏ ውስጥ ከግድግዳ ግድግዳ ገመድ ወጠረችና እንደ ልብስ አሰጣቻቸው። የየመጽሐፉን ለብቻ ነበር ያሰጣችው። ዘበኛው ግን «አየር ይግባላቸው» ብሎ ለደግነቱ መስኮቱን ከፈተ፤ ነፋስ ገባ፤ ግማሹ ወለሉ ላይ ረገፈ። ሁሉም በአንድ ርካሽ ማተሚያ ቤት፣ በአንድ መጠን የታተሙ ነበሩ። ሌላ ጠራዥ ቢሆን ጎንበስ ብሎ ቁጥሩንና ጽሑፉን አይቶ ይለያቸው ነበር። እሷ በአውራ ጣቷ ዳበሰች። ውኃ የነካው ወረቀት ደግሞ ደርቆ ሲነሳ ሁሉም አንድ ዓይነት ሸካራ ይሆናል። አውራ ጣቷም እንደ አንዳንድ ሹም አላውቅም ማለት አይወድም፤ የመሰለውን ፈረደ። ሰፋችው፣ ሙጫ ቀባችው፣ ሽፋን አለበሰችው። ከውጭ ለሚያየው እንደ አዲስ ነበር።

ጥቂት ሳምንታት ቆይቶ አንድ ባለታክሲ መጣ። ተሳፋሪ ሲጠብቅ መሪው ላይ መጽሐፍ ዘርግቶ የሚያነብ፣ የወንጀል ታሪክ ከሆነ ምሳውን የሚረሳ ሰው ነው። እትዬ መርፌ የተጠገኑ መጻሕፍት ታቅፋ ወደ አዳራሹ ስትገባ ድምፁን ሰማችው።

«የዚህ ደራሲ ሌላ መጽሐፍ አላችሁ?» እያለ ነበር።

«ወደዱት?» አለች ኃላፊዋ።

«እንዲህ ዓይነት ሰው አይቼ አላውቅም። መርማሪው ሁሉንም ሰብስቦ፣ በሩን ቆልፎ፣ ‹ገዳዩ እዚህ ክፍል ውስጥ ነው› ይላል። ገጹን ስገልጥ ሁለት ልጆች ጣሪያ ላይ ተጋድመው ኮከብ ይቆጥራሉ።»

«ምን?»

«እኔም ምን አልኩ። ከዚያ ደግሞ ገዳዩ ማን እንደሆነ ሳይነገር፣ ልጆቹ ተዋደው ያልቃል። መጀመሪያ ተናድጄ ነበር። በኋላ ሳስበው ግን ሰውዬው ልክ ነው። የሞተው ሞቷል፤ የቀሩት ይዋደዱ ነው የሚለን።»

ኃላፊዋ መጽሐፉን ገለጠች፣ ወደ ኋላ መለሰች፣ ደግማ ገለጠች። እትዬ መርፌ የታቀፈችው ክምር ከበዳት። ማንም ሳይነግራት ገባት። በሕይወቷ ሙሉ እጥፍ አሳስታ አታውቅም፤ በአሥራዎቹ ዕድሜዋ እንኳ። አሁን ይመጡና «እስቲ ይሄን አንብቢ» ይሏታል፤ ከዚያ ወንበሩ ነው።

ኃላፊዋ ከጠረጴዛው የቀሩትን መጻሕፍት ሰብስባ ወደ ኋላው ክፍል መጣች። የልጆቹ ኮከብ ጉድጓድ ውስጥ እያለቀሰች ሳለ ድንገት የመርከበኛው ማዕዘን ልኬት ይገባባታል። ኮከብ ቆጣሪው ስለ ትዳር እየመከረ ሳለ አንድ ሬሳ ይገኛል። ኃላፊዋ አልተቆጣችም፤ እንዲያውም ሳቋን እየታገለች ነበር።

«እትዬ፣ ውኃው ነው ያደባለቃቸው» አለች።

«አዎ፣ ውኃው ነው» አለች እትዬ መርፌ። ሰው መውጫ ሲሰጥህ ትወጣለህ።

ክሩን በጥሳ እጥፎቹን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋች። ኃላፊዋ «እኔ ላንብብልዎ፣ እርስዎ ይደርድሩ» አለች። ይሄ ለእትዬ መርፌ ከሰማይ የወረደ ዕድል ነበር። ኃላፊዋ አንድ እጥፍ አንስታ አነበበች፤ «የኮከቡን ከፍታ ከአድማሱ ላይ ለካ፤ ወዲያው ሰዓትህን ተመልከት።»

«የመርከበኛው ነው። ሌላው ሰው ኮከብ ሲያይ ይተክዛል፤ እሱ ሥራ ይጀምራል።»

«‹በዚህ ሳምንት ካላሰቡት ወገን እንግዳ ይመጣብዎታል።›»

«የኮከብ ቆጣሪው። እንግዳ ደግሞ መቼ ነው ካሰቡት ወገን መጥቶ የሚያውቀው?»

«‹የምናየው ብርሃኗን ነው፤ እሷ ራሷ ምናልባት ዛሬ የለችም።›»

«የፍቅሩ» አለች እትዬ መርፌ ያለማመንታት። «ትታው ሄዳለች፣ ምስኪን።»

ኃላፊዋ ሳቀች። «የሳይንሱ ነው።»

«ሳይንሱም ተከድቷል እንዴ?»

እንዲህ እየተሳሳቁ ሲለዩ ቆዩ። እትዬ መርፌ ዕድሜዋን ሙሉ የሰፋችውን ነገር ገና ዛሬ ሰማችው። አንዱ ኮከብን መንገድ ያደርገዋል፣ አንዱ ምስክር፣ አንዱ አለቃ፣ አንዱ የጠፋች ልጅ። ሰማዩ አንድ ነው፤ የሚያየው ሰው ነው የሚለያየው። ደስታው ፍርሃቷን አስረሳት። ለዚህም ነው ኃላፊዋ «ጉሮሮዬ ደረቀ፤ አሁን ተራው የእርስዎ ነው» ብላ አንድ እጥፍ ስትሰጣት ሳታስበው የተቀበለችው።

ወረቀቱ እጇ ላይ ነጭ ጭጋግ ነበር። አስጠጋችው፤ ጭጋግ። አራቀችው፤ ጭጋግ። ከራሷ ፈጠረች። «ኮከቧም በሰማይ ላይ ብቻዋን፣ በጣም… በጣም ደምቃ…»

ኃላፊዋ በትከሻዋ በኩል አየች። «እትዬ» አለች ቀስ ብላ፤ «ይሄ ኳስ ተጫዋቹ ነው። ስለ ጉልበቱ ሕመም ነው የሚያወራው።»

እትዬ መርፌ ወረቀቱን አስቀመጠችው። ከዚህ በኋላ የሚዋሽ ነገር አልቀረም። «አላየውም» አለች። «ጉልበቱንም አላየውም፣ ኮከቡንም አላየውም። አንቺንም ቢሆን ድምፅሽ ነው እንጂ መልክሽ ከጠፋኝ ቆይቷል። ያደባለቀው ውኃው አይደለም፤ እኔ ነኝ።»

«ሐኪም አይቶዎታል?»

«ሐኪም ምን ያየኛል? ያላየሁት እኔ ነኝ።» ልማዷ ሆኖ ቀለደች እንጂ ድምፅዋ ተሰብሯል። «እናቴ እንዲሁ ነው የጀመራት። እንግዲህ አሰናብቺኝ። እቤት ተቀምጬ ‹ማነህ?› ስል እውላለሁ።»

ኃላፊዋ ወንበሯን አስጠግታ ተቀመጠች። «ይሰሙኛል እትዬ? ይቺ ክፍል የእርስዎ ናት። ሐኪም ዓይንዎ አይድንም ቢል እንኳ እኔ አነባለሁ፣ እርስዎ ይሰፋሉ፤ አሁን እንዳደረግነው። ሐኪም ሳያይዎት ግን መርፌ መንካት የለም።»

በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም የሚለውን ስንት ጊዜ ለሌላ ሰው ተናግራዋለች። ያን ቀን ወደ ቤቷ ስትሄድ መንገዱ እንደ ወትሮው ደብዛዛ ነበር፤ መብራቶቹም እንደ ወትሮው ዙሪያቸውን የጨረር ጢም አብቅለው ነበር። እሷ ግን ለመጀመሪያ ጊዜ ግድግዳ እየዳበሰች በመሄዷ አላፈረችም። እፎይ ብላ፣ እየቆመች፣ «ቀኝ ነው ወይስ ግራ?» እያለች ሰው እየጠየቀች ሄደች።

ልጇ የልብስ ፋብሪካ ፈረቃ ተቆጣጣሪ ናት፤ እናትና ልጅ አብረው ነው የሚኖሩት። እትዬ መርፌ ነገሩን ሁሉ ነገረቻት። «እኔ እኮ» አለች ልጅቷ፣ ግን ሳትጨርሰው ተወችው። በማግሥቱ ፈረቃዋን ቀይራ እጇን ይዛ ወሰደቻት።

ሐኪሙ ዓይኗ ውስጥ መብራት ሲያበራ እትዬ መርፌ የወንበሩን ክንድ ጨብጣ ፍርዷን ጠበቀች። «የዓይን ሞራ ነው» አላት። «ይገፈፋል። ሻይ ቀርቦልዎ ሳይቀዘቅዝ እንጨርሳለን።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ያያሉ።»

እትዬ መርፌ የጨበጠችውን የወንበር ክንድ ለቀቀች። አንጀቷ ቅቤ ጠጣ ማለት ይሄኔ ነው። ነገር ግን ከወንበሩ ሳትነሳ እንዲህ አለች፤ «እናቴ ዓይኗ መሐሉ ነጭ ነበር። እንደ ወተት።»

ሐኪሙ መብራቱን አጠፋ። «ሳላያቸው በእርግጠኝነት አልናገርም» አለ። «ግን እንደሚሉኝ ከሆነ የእሳቸውም ይኸው ሳይሆን አይቀርም።»

ኮሪደሩ ላይ ወጥታ አለቀሰች። ልጇ የደስታ መስሏት እሷም አብራ አለቀሰች። ደስታም ነበረበት፤ ግን እናቷ ያን ሁሉ ዘመን መስኮቱ ሥር የተቀመጡት ሻይ ሳይቀዘቅዝ ለሚያልቅ ነገር ነበር። ማንም የጠየቀላቸው አልነበረም፣ እሷንም ጨምሮ። እንባዋ ለሁለቱም ነበር፤ ለየትኛው ብዙ እንደፈሰሰ እሷም አላወቀችውም።

የቀዶ ሕክምና ተራዋ እስኪደርስ ኃላፊዋ የወንጀሉን ታሪክ በትክክለኛው ቅደም ተከተል አድርጋ ሳይሰፋ ላከችላት። ልጇ ከሥራ መልስ፣ እራት በልተው፣ እግሯን አልጋው ላይ ሰቅላ ታነብላታለች። እትዬ መርፌ ጋደም ብላ ትሰማለች። ያ ድምፅ ልጅቷ ትምህርት ቤት ሳለች የቤት ሥራዋን ጮክ ብላ ስታጠና የነበረው ድምፅ ነው፤ ምንም አልተለወጠም። ገዳዩ የተመራማሪው የገዛ ወንድም ሆኖ ሲገኝ ሁለቱም አልተገረሙም። «ከመጀመሪያው አላመንኩትም ነበር» አለች እትዬ መርፌ፤ «የባለታክሲው አጨራረስ ይሻላል።»

ቀዶ ሕክምናው ሐኪሙ እንዳለው ሆነ። በማግሥቱ ጠዋት ነርሷ መጥታ ማሰሪያውን ቀስ ብላ አነሳችው። መጀመሪያ የታያት ግድግዳው ነበር። የተላጠ ቀለሙን፣ ስንጥቁን፣ የብሩሹን ምልክት ሁሉ አየች። «ይሄን ግድግዳ የቀባው ሰው ተከፍሎት ነው?» አለች። ነርሷ ሳቀች።

ፊቷን መለስ ስታደርግ በሩ አጠገብ አንዲት ሴት ቆማለች። ጸጉሯ ከጆሮዋ በላይ ሸብቷል፤ ዓይኗ ሥር ድካም ተኝቷል፤ ቦርሳዋን በሁለት እጇ ይዛ ትጠብቃለች። የሌላ በሽተኛ ጠያቂ መሆን አለባት። እትዬ መርፌ ለማያውቁት ሰው እንደሚደረገው በአክብሮት ጎንበስ አለችና «እንደምን አደሩ?» አለቻት።

«እማዬ» አለች ሴትዮዋ።

ነርሷ ዕቃዋን ይዛ ወጣች።

«መቼ ነው የሸበትሽው?» አለች እትዬ መርፌ።

«ቆይቷል።»

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«ምን ብዬ ነው የምነግርሽ? ታይዋለሽ ብዬ ነዋ።» ልጅቷ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። «አንቺ ደግሞ አይተሽ ዝም የምትይ ሰው አይደለሽም። ዛሬ ትለኛለች፣ ነገ ትለኛለች እያልኩ ስጠብቅ ከረምኩ። ምንም ሳትይኝ ስትቀሪ፣ አዝናልኝ ነው አልኩ። እንዲያ መልኬ የጠፋ መስሎኝ።»

እትዬ መርፌ ብርድ ልብሱን ገፍታ ተነሳች። «ነይ ወደ ብርሃኑ» አለቻት። ልጅቷ ወደ መስኮቱ ተጠጋች። እናቷ ፊቷን በሁለት እጇ ይዛ፣ ከግንባሯ እስከ አገጯ፣ ሽበቱንም መስመሩንም ሳትዘል አየቻት።

«የምናገረው ብዙ አለኝ» አለች። «ለዛሬ ግን ልይሽ።»